ጠዋት ሦስት ሰዓት

ተረት ተረት!
የመሠረት!

አምቦን ሀገረ ሕይወት በሚለው የድሮ ስሟ የሚጠሩ ሽማግሎች እንዲህ ያወራሉ። ከተማዋ የምትኮራበት የእርሻ ትምህርት ቤት በ1939 ዓ.ም. ተከፈተ፤ ይኼ በመዝገብ ያለ ነው። በመዝገብ የሌለው ሌላው ትምህርት ቤት ግን ወንጪ ሐይቅ አፋፍ ላይ፣ እንሰት የሸፈነው ጎጆ ነበር። የሚያስተምረውም የጊዜን አስማት ነው። በሩ የሚከፈተው በጳጉሜን ብቻ፣ ደሞዝ በማይከፈልባት፣ ኪራይ በማይጠየቅባት በዚያች ትርፍ ወር ነው። ምርቃቱ ደግሞ ጳጉሜን 6 ላይ ይውላል። ጳጉሜን ስድስት የምትሆነው በአራት ዓመት አንዴ፣ ዘመነ ሉቃስ ሲያልቅ ስለሆነ፣ ተመራቂ ብርቅ ነው።

መምህርቷን ሁሉም አኮ ይሏቸዋል፤ አያቴ ማለት ነው። ተማሪዎቹን አምቦ ምንጭ ዳር አቁመው እንዲህ ይሉ ነበር፦

«ይኼ ከሥር የሚፍለቀለቀው ውሃ ድሮ የዘነበ ዝናብ ነው። ጊዜም ይሰርጋል እንጂ አይጠፋም። ግን ልብ በሉ፣ ጊዜ አይፈጠርም። ያንተ ከረዘመ የሆነ ሰው አጥሮበታል። የተበደራችሁትን ጀንበር ሳትጠልቅ መልሱ።»

ከዚያ ለእያንዳንዱ አንድ ባዶ ጠርሙስ ከነቆርኪው ይሰጣሉ። የጊዜ ማስቀመጫው እሱ ነው።

ከተማሪዎቹ ሁሉ ጮሌው የአንድ ጸሐፊ ልጅ ነበር። ደመና ያቆማል፤ እንቁላሉን ጫጩት፣ ጫጩቱን መልሶ እንቁላል ያደርጋል። ደካማዋ ደግሞ ለወንጪ እንግዶች ፈረስ የሚያከራይ ሰው ልጅ ነበረች። አንድ አስማት እንኳ አልሰምር አላት። የሆነላት ማንም የማይገባበት የማለዳው የቁጥር ትምህርት ብቻ ነው። እዚያ ከሐይቁ ደሴት ከቂርቆስ ገዳም የሚመጡ መነኩሴ ባሕረ ሐሳብ ያስቆጥራሉ፤ ወንበር፣ አበቅቴ፣ መጥቅዕ። ከኦዳ ቢሲል የሚመጡ ሽማግሌ ደግሞ ገዳን ያስቆጥራሉ፤ ስምንት ዓመት ሲሞላ በትሩ ለተረኛው ይሰጣል። ጮሌው ይስቅባት ነበር፦ «ቁጥር ምን አስማት አለው? መቁጠር ማንም ይችላል!»

ተመረቁ። እሷ ወደ ፈረሶቿ ተመለሰች። እሱ አምቦ ወርዶ ወንበር አገኘ፤ በትሩንም ለስምንት ዓመት ተረከበ።

ወንበሩ ላይ በተቀመጠ በመጀመሪያው ቀን ነው አኮ ያላስተማሩትን አስማት ያገኘው። ድግምት አያስፈልገውም፤ በር፣ ጠረጴዛና ሁለት ቃል ይበቃል፤ «ነገ ተመለስ»። ይህን የተባለ ባለጉዳይ ሁሉ አንድ ቀኑን በሩ ላይ ጥሎ ይሄዳል። ሰውየው ቀኗን ይለቅምና ጠርሙስ ውስጥ ከቶ ቆርኪውን ይገጥማል። ጀንበር ስትጠልቅ ግን አልመለሰም። ጠርሙሱ ሞልቶ ሌላ ጨመረ፤ ሌላው ሞልቶ ሣጥን አስመጣ።

ከጌዶ አንድ ጎረምሳ የአባቱን ቦታ ወረቀት ይዞ መጣ። ወረቀቱ አራት ላይ ተጣጥፎ ፌስታል ውስጥ ነበር። «ነገ ና።» ከጊንጪ አንዲት እናት መጡ። «እማማ፣ ነገ ይመለሱ።» የጎረምሳው ወረቀት በእጥፋቱ ተበጣጠሰ፤ በፕላስተር አጣበቀው፤ ፕላስተሩም ቢጫ ሆነ። ጢሙ ላይ ሽበት ጣል ጣል አለ። ቢሮ ውስጥ ግን የግድግዳው ሰዓት ጠዋት ሦስት ላይ እንደቆመ ነው። ሰውየው ጠጉሩ እንደ ኑግ ጠቁሮ፣ ፊት ለፊቱ ያለው ሻይ ገና እየጨሰ ይቀመጣል።

ሁለተኛው ሉቃስ ሊያልቅ ደረሰ። በጳጉሜን 6 የፈረስ አከራዩ ልጅ ከሽማግሎቹ ጋር አምቦ ወረደች።

«ስምንት ዓመትህ ሞልቷል፣ በትሩን አስረክብ» አሉት።

«የምን ስምንት ዓመት?» አለ ደንግጦ። «ዛሬ ጠዋት ገባሁ፤ ሻዬን እንኳ አልጠጣሁም!»

አልዋሸም። ለእሱ እውነትም ገና ጠዋት ነበር።

ሽማግሎቹ ግራ ገባቸው። ልጅቷ ከሰውየው ጋር አልተከራከረችም። ወጣ ብላ በረንዳው ላይ ከተሰለፉት መሀል ተቀመጠችና የጊንጪዋን እናት ጠየቀች።

«እማማ፣ ስንት ቀን ተመላልሰዋል?»

«ኧረ ተይኝ ልጄ፣ የኔ ነገር እኮ ዕድለ ቢስነት ነው።»

«ግድ የለም፣ ይቁጠሩት።»

ከአጠገቡ ካለው ሻይ ቤት የወዳደቀ ቆርኪ ለቅማ አመጣች። ለእያንዳንዷ ቀን አንድ ቆርኪ። እማማ ቆጠሩ። የጌዶው ሰው ቆጠረ። የተጉላላው እሱ ብቻ መስሎት አፍሮ ዝም ያለ ሁሉ፣ የጎረቤቱን ክምር እያየ ቆጠረ። ክምሮቹ ተገናኙ፤ ከሰውየው ጠረጴዛም ከፍ አሉ። ሰውም ድምሩን በአንድ ድምፅ ጠራ።

ያኔ ሣጥኖቹ ውስጥ ያሉት ጠርሙሶች አንድ ላይ ፈነዱ። የግድግዳው ሰዓት ተሽከረከረ፤ ሻዩ ቀዘቀዘ፣ ላዩም ሻገተ። ስምንት ዓመት በአንድ ጊዜ ሰውየው ላይ ወረደበትና ጠጉሩ ጥጥ መሰለ።

ቀኖቹ ለባለቤቶቻቸው ተመለሱ። ግን ተከፍቶ እንዳደረ አምቦ ውሃ ነበሩ፤ ውሃው አለ፣ ጋዙ ወጥቷል። የጌዶው ሰው ወረቀቱ በዚያው ቀን ተፈረመለት፤ ቦታው ላይ ቤት ሠርተው አብረው ሊገቡ የነበሩት አባቱ ግን ተቀብረው፣ ያጫትም ልጅ ሌላ አግብታ ሁለት ወልዳለች።

ሕዝቡ ልጅቷን ከበበ። «በትሩን አንቺ ያዢ!» አላት። ተግደርድራ ያዘችው። ወንበሩ ለስላሳ ነበር። አዲስ ሻይ መጣላት፤ እንፋሎቱን አየችና ለአፍታ ፈዘዝ አለች።

የጊንጪዋ እናት ይህን አዩ። ከመሬት አንድ ቆርኪ አንሥተው ጠረጴዛዋ ላይ ቀጭ አደረጉ።

«ልጄ፣ አንድ» አሉ።

ተረቴን መልሱ፣ አፌን በዳቦ አብሱ።