የአቶ ሲዝን ማስጫን አጭር የሕይወት ታሪክ

የተከበራችሁ የእድር አባላት፣ እንዲሁም የተዋሳችሁትን ፍላሽ ሳትመልሱ ለቅሶ የመጣችሁ፤

አቶ ሲዝን ማስጫን ከአባታቸው ከአቶ ፍላሽ ዲስክና ከእናታቸው ከወይዘሮ ቫይረስ፣ እንጅባራ አንዲት ጠባብ ፎቶ ኮፒ ቤት ውስጥ ተወለዱ። በ«ፕሪዝን ብሬክ» ዳዊት ደግመው፣ ዳንግላ ወርደው በኮሪያ ድራማ ተመረቁ። ዕድሜያቸውን የፈጁት ጊጋ እየሰፈሩ ነው።

ሕዝቡን ለሁለት የከፈሉት ግን «አሮው» የተባለውን ተከታታይ ፊልም 4ኛ ሲዝን የጫኑ ጊዜ ነው። እ.ኤ.አ. በ2015 አሜሪካ ውስጥ መታየት የጀመረው ይህ ባለ23 ክፍል ሲዝን ገና በ1ኛው ክፍል መጨረሻ መቃብር ያሳያል። ጀግናው ቀስተኛ ኦሊቨር ኩዊን አጠገቡ ቆሞ ያዝናል፤ የተቀበረው ማን እንደሆነ ግን አይነገረንም። እስከ 18ኛው ክፍል ጠብቁ ነው። ምን ዓይነት ነውር ነው! እኛ ዘንድ መጀመሪያ ሰው ይሞታል፣ ጥሩምባ ይነፋል፣ ከዚያ ይቆፈራል። ጉድጓድ አስቆፍሮ ሟች የሚያፈላልግ እድር የት ታይቷል?

ሟቿ ሎረል ላንስ፣ ማለትም ብላክ ካናሪ፣ ሆና ተገኘች። አንዱ ወገን «በኮሚክ መጽሐፉ የቀስተኛው ሚስት ብላክ ካናሪ አይደለችም ወይ? እንዴት ትገደላለች?» ብሎ ተነሣ። የፎቶ ኮፒ ቤት ልጆች በበኩላቸው በሙሉ ድምፅ ከኦሊቨር እጮኛ ከፌሊሲቲ ጎን ቆሙ፤ ኮምፒውተር የምትነካ ጀግና ከየት ይገኛል? ይቺው ፌሊሲቲ በ15ኛው ክፍል፣ ሽባ የሆነው እግሯ በቺፕ ተፈውሶ ከተሽከርካሪ ወንበር ስትነሣ፣ መጀመሪያ ያደረገችው እጮኛዋን ጥላ መውጣት ነው። በዚህ የተነሣ ሰላምታ የተነፋፈጉ አሉ። በየዓመቱ ጥር 23 የአገው ፈረሰኞች ፈረስ ጭነው ሲወጡ እያየ ላደገ የእንጅባራ ልጅ ደግሞ ቀስት በአስማት ሲመከት ከቶ አልዋጥ አለው። እኔን ከጠየቃችሁ ያንን ሲዝን የተሸከመው አስማተኛው ዴሚየን ዳርክ ብቻውን ነው።

ሟች ግን አልፈረዱም። በፕላስተር የተጠቀለለውን ፍላሽ ሰክተው፣ 98 በመቶ ላይ መብራት ሲሄድ «ነገ ተመለስ» ከማለት በቀር ክፉ አልወጣቸውም። ደግሞም ያ የተበላሸ ሲዝን ከደህናዎቹ ሁሉ ይልቅ አነጋግሮናል፤ ክርክሩ በቡና ላይ ስንት ወር ፈጀ። ዛሬ ሁሉም በየስልኩ ከቴሌግራም አውርዶ፣ ጆሮው ውስጥ ወትፎ፣ ብቻውን ተናዶ ይተኛል።

የሞታቸው ምክንያትም ይኸው ቴሌግራም ነው። በእርግጥ ከዚህ ቀደምም አንድ ጊዜ ገንዘናቸው ነበር። በ2015 ዓ.ም. ክረምት ማብቂያ በክልላችን የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ ከሣጥናቸው ብድግ ብለው ሱቅ ከፈቱ፤ ያዋጣነው የለቅሶ ገንዘብም በዚያው ቀረ።

ቀብራቸው ዛሬ 9 ሰዓት ይፈጸማል፤ ኔትወርክ እንደገና ካልጠፋ።