የፍርድ ቤት ትዕዛዝ እንዴት ይጣሳል?

የፍርድ ቤት ትዕዛዝ መጣስ የሚፈልግ ኃላፊ ከሁሉ በፊት ወረቀቱን በእጁ አይንካ። የመዝገብ ቤት ሠራተኛዋ «ኃላፊው ሲመጡ» ትበል፤ ኃላፊውም አይምጣ። ደጃፍ ላይ ከተያዘ ግን ወረቀቱን አገላብጦ ይመርምር። ማኅተሙ ደብዝዟል፣ የመዝገብ ቁጥሩ አይነበብም፣ የአባት ስም ላይ አንድ ፊደል ተገድፏል ይበል። ፊደሏ ታርማ እስክትመጣ ሳምንት ያልፋል።

ትዕዛዙ እግድ ከሆነ ዶዘሩን በሌሊት ይላክ። ከፈረሰ ቤት ላይ የሚታገድ ነገር የለም።

ዋናው ሙያ የሚታየው በዋስትና ላይ ነው። ዓርብ፣ 10 ሰዓት። አንዲት እናት የመፍቻ ትዕዛዙን በላስቲክ ሸፍና የፖሊስ ጣቢያ በር ላይ ቆማለች። በሌላ እጇ ልጇ ሲወጣ የሚለብሰውን የታጠበ ሸሚዝ ይዛለች። ተረኛው «እማማ፣ ኃላፊው የሉም፤ ሰኞ ይምጡ» ይበላት። ሰኞ ስትመለስ «ከበላይ አካል እየጠበቅን ነው»፣ ማክሰኞ «ይግባኝ ተጠይቋል»፣ ረቡዕ «ወደ ሌላ ጣቢያ ተዛውሯል»። መፍታት የግድ ከሆነም ልጁን ከበር አስወጥቶ፣ ሸሚዙን ሳይቀይር በሌላ ጉዳይ መልሶ ማስገባት ነው። በ2013 ዓ.ም. ፖለቲከኛው አቶ ልደቱ አያሌው በ100 ሺህ ብር ዋስ እንዲለቀቁ ፍርድ ቤት ቢያዝም ፖሊስ አልለቀቃቸውም ነበር። አገር የሚያውቃቸው ሰው እንዲህ ከሆኑ፣ ሸሚዝ የያዘችው እናት ማን አላት?

በዚህ አገር እኮ ሁለት ሰዎች ሲደባደቡ አንድ መንገደኛ «በሕግ አምላክ!» ካለ የተሰነዘረ ዱላ አየር ላይ ይቀር ነበር። መንገደኛው ማኅተምም መሣሪያም አልነበረውም። ዛሬ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 79 የዳኝነት ሥልጣን የፍርድ ቤቶች ነው እያለ፣ ሕግ ላስከብር ብሎ የማለ ሰው የዳኛን ትዕዛዝ መሳቢያ ውስጥ ይከታል። ነውር ነው!

ወደ ምክሩ። ዳኛው «ኃላፊው ራሱ ቀርቦ ያስረዳ» ካለ፣ ጉዳዩን የማያውቅ የሕግ ክፍል ሠራተኛ ይላክና ሌላ ቀጠሮ ይጠይቅ። እዚያው ችሎት ውስጥ ስልኩ የጮኸ ባለጉዳይ ወዲያው ይቀጣል። ትዕዛዝ ያልፈጸመው መሥሪያ ቤት ግን ቀጠሮ ይሰጠዋል።

ይህ ሁሉ የሚያዋጣው ዳኛው ለአለቃውም ቀን እስካልቆረጠ ነው። ደቡብ አፍሪካ ውስጥ ቆርጧል። በጎርጎርዮሳዊው 2021 ጥር ወር የአገሪቱ የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት የቀድሞው ፕሬዚዳንት ጄኮብ ዙማ ሙስናን በሚያጣራው ኮሚሽን ፊት እንዲቀርቡ አዘዘ። አልቀረቡም። ምን ቅጣት እንደሚገባቸው ሐሳብ እንዲያቀርቡ ሲጠየቁ፣ ለዋና ዳኛው 21 ገጽ ደብዳቤ ጻፉ። ፍርድ ቤቱ ሰኔ 29 ቀን 15 ወር እስራት ፈረደባቸው፤ በ5 ቀን ውስጥ እጃቸውን ካልሰጡ ደግሞ የፖሊስ ሚኒስትሩ በ3 ቀን ውስጥ ይዞ እንዲያስገባቸው አዘዘ። ሐምሌ 7 ቀን፣ ለፖሊስ የተሰጠው ጊዜ ሊያበቃ ደቂቃዎች ሲቀሩት፣ ዙማን የያዙ መኪኖች ንካንድላ ከሚገኘው መኖሪያ ግቢያቸው ወጥተው ወደ ማረሚያ ቤት አቀኑ።