አልፏል

(የአንድ መሥሪያ ቤት ሰርቨር ክፍል። ባለሙያዋ ላፕቶፗን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ወለሉ ላይ ተቀምጣለች። የጥበቃው ጋሼ በሩን ተደግፈዋል። ኃላፊው ገቡ።)

ኃላፊው፦ ትናንትም እዚህ፣ ዛሬም እዚህ! ምን ሆነሽ ነው?

ባለሙያዋ፦ የዲስኮቹን ጤና እያየሁ ነው።

ኃላፊው፦ ሰርቨሩ «ደህና ነኝ» ይል የለም እንዴ?

ባለሙያዋ፦ እሱን የሚለው ሬይድ ኮንትሮለሩ ነው። ከኋላው አራት ዲስክ አስቀምጦ ለሊኑክስ «ያለነው አንድ ነን» ይለዋል። በቀጥታ ብጠይቃቸው አንዳቸውም አይመልሱም።

ኃላፊው፦ ደግ አደረገ! እኔን ዘሎ ሠራተኛዬን የሚያናግር ማን ነው? እኔስ ለበላይ አካል «ሁሉም ሰላም» አይደል የምለው?

ባለሙያዋ፦ ማለፊያ አለው። ስማርትሲቲኤል የሚባለውን የዲስክ መመርመሪያ «በኮንትሮለሩ በሜጋሬይድ በኩል ዲስክ ቁጥር 8ን ጥራልኝ» እለዋለሁ። ቁጥሩም ሁልጊዜ ከዜሮ አይጀምርም፤ ከራሱ ከኮንትሮለሩ ዝርዝር ነው ያገኘሁት። 8 ደህና… 9 ደህና… 10 ደህና… 11… ኧረ ጉድ!

ጋሼ፦ ምነው ልጄ?

ባለሙያዋ፦ 1312 ሴክተር ተበላሽቶበት በመጠባበቂያ ተክቷል። ሌላ 48 ደግሞ አልነበብ ብሎ ወረፋ ይዟል። ጠቅላላ ውጤቱ ግን «አልፏል» ይላል።

ጋሼ፦ ነፍስ ይማር!

ባለሙያዋ፦ አይ ጋሼ፣ ፈተናውን ነው።

ኃላፊው፦ ካለፈማ ምን ትፈልጊያለሽ?

ባለሙያዋ፦ «አልፏል» እያለ የሚሞት ዲስክ ብዙ ነው። እኔ የማምነው ዝርዝሩን ነው።

ጋሼ፦ ሌሊት ሌሊት ቀጭ፣ ቀጭ የሚለው እሱ ነው እንዴ? እኔ እኮ አይጥ መስሎኝ ከኋላው ወጥመድ አጥምጃለሁ። ቂጣም አድርጌበታለሁ።

ባለሙያዋ፦ (ለኃላፊው) ዛሬውኑ ዲስክ ይገዛልኝ። ሬይድ 5 ነው፤ አንድ ቢሞት ይሠራል፣ ሁለት ከሞተ ግን ሁሉም አለቀ።

ኃላፊው፦ አንድ ቢሞት ይሠራል አላልሽም? ለአንዲት ዲስክ ሦስት ፕሮፎርማ አላሰባስብም። ሁለተኛውም ይሙትና አንድ ላይ እንገዛቸዋለን።

ባለሙያዋ፦ ያኔማ ምን ሊቀመጥበት?

ኃላፊው፦ ባክአፕ የለሽም?

ባለሙያዋ፦ የባክአፑን ዲስክ አምና ጠይቄ ነበር። «ፕሮፎርማ ላይ ነው» ብለውኛል።

ኃላፊው፦ አየሽ፣ ሂደት ላይ ነው! (ወጡ)

ጋሼ፦ ልጄ፣ እንግዲህ አይጥ ካልሆነ ወጥመዱን ላንሳው?

ባለሙያዋ፦ ይቆይ ጋሼ። ለጊዜው ያለን ባክአፕ እሱ ነው።