የአጎቴ የበርበሬ ብር

ፍኖተ ሰላም መናኸሪያ በበዓል ዋዜማ ቆሞ ላየ ሰው የትኬት ንግድን ማስተማር ለቀባሪው ማርዳት ነው። መስኮቱ ላይ «አልቋል» ይባላል። ትንሽ ራቅ ብሎ የቆመው ደላላ ግን ያለቀውን ትኬት ከደረት ኪሱ ያወጣዋል። መንገደኛው ከታሪፍ በላይ ይከፍላል፣ ይራገማል፣ ይሳፈራል። የአክስቴ ልጅ ይህን እያየ አድጎ ባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ሲገባ «እነዚህ ሰዎች የጎደላቸው ኢንተርኔት ብቻ ነው» ማለት ጀመረ።

ዋልያዎቹ ኅዳር 9 ቀን 2012 ዓ.ም. ለአፍሪካ ዋንጫ ማጣሪያ ባሕር ዳር ላይ ኮትዲቯርን ሊገጥሙ መሆኑ እንደተሰማ ደወለልኝ። መከራከሪያው የ2006ቱ የናይጄሪያ ጨዋታ ነበር። ያኔ ሰው አዲስ አበባ ስታዲየም ዙሪያ ለትኬት ሌሊቱን ተሰልፎ አድሯል። «የኮትዲቯርማ እንዴት ይሆን!» አለኝ። የአዲስ አበባው ስታዲየም ጠባብ፣ የባሕር ዳሩ ደግሞ ሃምሳ ሺህ ሰው የሚውጥ መሆኑን አላነሳም። ነገሩ ሁሉ ያለው ግን እዚያ ላይ ነበር።

መነሻ ገንዘቡ የአጎቴ የበርበሬ ብር ነው። አጎቴ ቡሬ ዙሪያ ገበሬ ነው፤ ብር ሲያበድር ምክንያት ሳይሰማ አይሰጥም።

«የኳስ መግቢያ ነው ጋሼ፤ ገዝተን አትርፈን እንሸጠዋለን።»

«በርበሬ ገበያ ቢያጣ እቤት ገብቶ ድልህ ይሆናል። አንተ ልጅ፣ ይህ ወረቀት ገበያ ቢያጣ ምን ይሆናል?»

መልስ አልነበረኝም፤ ብሩን ግን ሰጠኝ።

የአክስቴ ልጅ ትኬቶቹን ፌስቡክ ላይ፣ ቴሌግራም ላይና አንድ የመሸጫ ድረ ገጽ ላይ ለጠፋቸው። በየቦታው ዋጋው የተለያየ ነው፤ «የፌስቡክ ሰው ይከራከራል፣ የቴሌግራም ሰው ይቸኩላል» የሚል ፍልስፍና ነበረው። ፍልስፍናው ገዢው ሁለቱንም እንደሚከፍት አላሰበም። «ላስት ስንት ነው?» ብሎ የሚጀምረው ሁሉ ወዲያው የሌላኛውን ገጽ ፎቶ እያነሳ ይልክልን ጀመር። እኔ ፍኖተ ሰላም ሆኜ የባንክ ገቢውን እከታተላለሁ፤ እሱ የተሸጠውን ከሦስቱም ቦታ ማውረድ አለበት። በውጭ አገር በዚህ ሥራ የሚተዳደሩ ነጋዴዎች ትኬቱ አንዱ ገበያ ላይ ሲሸጥ ከሌሎቹ በራሱ የሚያወርድላቸው ፕሮግራም አላቸው። እኛ ያለን የአክስቴ ልጅ ስልክ ነው። መብራት ጠፋ፣ ባትሪው አለቀ፣ ስልኩ ሲበራ አንዱ ትኬት ሦስት ባለቤት አግኝቷል።

ከነጭንቀቴ አውቶቡስ ተሳፈርኩ። ጥሊሊ ላይ ወደ ግሽ ዓባይ ጠበል የሚሄዱ እናት ከአጠገቤ ሲወርዱ «ምነው ልጄ፣ ፊትህ ጠቆረ፤ አብረን ወርደን ብትጠመቅስ?» አሉኝ። ሳላመነታ አልቀረሁም።

ባሕር ዳር ስደርስ የትኬት እጥረት የሚባል ነገር የለም። ጠዋቱን በስታዲየሙ ደጃፍ ላይ ትኬት በመደበኛው ዋጋ እየተቸረቸረ ነው! እውነቱን ለመናገር በመጀመሪያ ደስ አለኝ፤ ከፍለው ትኬት ላልደረሳቸው እዚያው ገዝተን ሰጠናቸውና ከሌብነት ስም ዳንን። ደስታው ግን ግማሽ ሰዓት አልቆየም። ገዢዎቻችን መስኮቱን አዩት፤ ዋጋውንም አነበቡት። አንዱ ልዩነቱን መልስ አለ። አሥሩ ተከተሉት። መናኸሪያ ላይ የተረገመው ደላላ አውቶቡሱ ሲንቀሳቀስ ይገላገላል፤ እኛ ግን ከረገሙን ሰዎች ጋር አብረን ገብተን አንድ ጥላ ፎቅ የሌለው ወንበር ላይ ተደርድረን ተቀመጥን። ደግነቱ ዋልያዎቹ 2 ለ 1 አሸነፉና ከጎኔ የነበረው ከሳሼ አቀፈኝ። ገንዘቡን ግን አስቀድሞ ተቀብሏል።

የተረፈን ትኬት ፊሽካው ሲነፋ ሞተ። አጎቴ የጠየቀኝ ጥያቄ የዚህ ንግድ ዋናው ጥያቄ ነው፤ ትኬት የሚያተርፈው ቦታ ሲጠብ ብቻ ነው፤ ቀኑ ካለፈ ደግሞ እንደ በርበሬ ጎተራ አይገባም። ሦስት ገበያ ላይ መለጠፍ ይህን አይለውጠውም፤ ጩኸቱን ነው የሚያበዛው። እንግሊዞች ደግሞ ከነጭራሹ ያለ ፈቃድ የእግር ኳስ ትኬት መልሶ መሸጥን በ1994 እ.ኤ.አ. በሕግ ወንጀል አድርገውታል።

ጨዋታው ባለፈ በስድስተኛው ቀን፣ ኅዳር 15፣ ቪያጎጎ የተባለው ትኬት መልሶ መሸጫ ኩባንያ ተፎካካሪውን ስተብሃብን በ4.05 ቢሊዮን ዶላር ሊገዛ መስማማቱ ተሰማ። የአክስቴ ልጅ ዜናውን «አየህ!» ብሎ ላከልኝ። ግዢው በየካቲት 2020 እ.ኤ.አ. ተፈጸመ። በመጋቢት ኮሮና የዓለምን ስታዲየምና የሙዚቃ አዳራሽ ዘጋ። የአጎቴን ብር እኔ ከደመወዜ ከፍያለሁ፤ የአክስቴ ልጅ ድርሻ እስከ ዛሬ አልደረሰኝም።