ጭላዳ ትኬት አይቆርጥም

«ተራራ ለማየት ደግሞ ይከፈላል እንዴ?» አለ የአዲስ አበባው ጎብኚ፣ ደባርቅ፣ የሰሜን ተራሮች ፓርክ ጽሕፈት ቤት መስኮት ላይ ተደግፎ።

«ለማየትማ አይከፈልም ጌታው። እዚሁ ቆመው ማንጋጠጥ በነጻ ነው። የምናስከፍለው ሲገቡ ነው» አለች ከመስኮቱ ጀርባ ያለችው ሴትዮ።

«ጭላዳው ሳይቆርጥ ይገባ የለ?»

«ጭላዳ የቤቱ ልጅ ነዋ! እርስዎም ሣር እየነጩ ውለው ገደል ላይ የሚያድሩ ከሆነ ከእነሱ ጋር እንቆጥርዎታለን።»

ተሰላፊው ሳቀ። ሰውዬው ግን በቀላሉ እጅ የሚሰጥ አይደለም።

«ለፈረንጅ ዋጋው ከፍ ይላል አሉ። ጃኬቴን አይታችሁ እንዳትሳሳቱ ብዬ ነው።»

«አይስጉ፤ በዋጋ ሲከራከሩ የአገር ልጅነትዎ ታወቀ።»

«ጠመንጃ ያነገተው ስካውትስ? ጦር ሜዳ ነው የምሄደው?»

«እርስዎን ብቻ የሚጠብቅ መሰለዎት? ዋልያውንም ከእርስዎ ይጠብቃል።»

«አስጎብኚ እንኳ ይቅርብኝ፤ ይህን የሚያህል ተራራ አይጠፋኝም።»

«ተራራው የት ይሄዳል! የሚጠፉትስ እርስዎ ነዎት።»

እኔ ለሴትዮዋ አደላለሁ፤ አንድ ነገር ግን ለሰውዬው ልመስክርለት። ፓርኩ እ.ኤ.አ. በ1978 ዩኔስኮ በመጀመሪያ ከመዘገባቸው 12 ቅርሶች አንዱ ነበር፤ በ1996 አደጋ ላይ ካሉት ተርታ ገባ፣ የወጣውም በ2017 ነው። እዚያ ተርታ ያስገባው ትኬት ቆርጦ፣ በስካውት ታጅቦ የገባው እንግዳ አልነበረም። ዋልያውና ቀይ ቀበሮው ተመናምነው፣ እርሻና ግጦሽ ገፍቶ፣ መንገድ ፓርኩን ሰንጥቆ ነው። በሬና መኪና መስኮቱ ጋ ቆመው ስማቸውን አላስመዘገቡም።

ግን ደግሞ ያንን በሬ ይነዳ የነበረው፣ ፓርኩ ውስጥ የነበረችው የግጭ መንደር ሰው ፓርክ የሚባል ነገር ሳይታሰብ እዚያ ይኖር ነበር። እ.ኤ.አ. በ2016 ቤቱን ለቆ ደባርቅ ሰፍሯል። እሱ ከቤቱ የወጣበትን አገር አንተ በመግቢያ ዋጋ ትጨቃጨቅበታለህ? ኧረ እፈር!

ሰውዬው በመጨረሻ ኪሱን ዳበሰ።

«ለጭላዳዎቹ ሙዝ ይዣለሁ፤ ስለ ደግነቴ ቅናሽ የለም?»

«ሙዙን ራስዎ ይብሉት። ሰው ማጉረስ ከጀመረ እነሱም እንደ እርስዎ እዚህ መስኮት መጥተው ይነዘንዙናል።»

«እሺ፣ ከፍዬ ዋልያ ሳላይ ብመለስስ?»

«ዋልያው እዚያ የሚኖረው ቀጠሮ ይዞ አይደለም ጌታው። ተረኛ!»