ቦንጋ ቡና አወረደች

«ቡና እያወረድኩ ነው» አለኝ ልጁ። ወቅቱ የለቀማ ስለሆነ ከዛፍ ነው እንዳትሉ፤ ከቴሌግራም ነው።

ጫካው ሳይዘሩት ቡና በሚያበቅልበት በካፋ ምድር፣ ቦንጋ ላይ ጌም ቤት ተቀምጦ፣ ባሕር ማዶ ያለ ሰው የሠራውን ቡና በጥቅል ኢንተርኔት ይጎትታል። ምክንያቱ ማይንክራፍት ነው፤ ፀሐዩ ሳይቀር ካሬ የሆነው የግንባታ ጨዋታ። ስዊድናዊው ማርከስ ፐርሰን እ.ኤ.አ. በ2009 ለሕዝብ አቀረበው፤ ማይክሮሶፍት በ2014 ከነኩባንያው በ2.5 ቢሊዮን ዶላር ጠቀለለው።

«ጨዋታው ውስጥ ቡና የለም እንዴ?»

«የለም፣ ጋሼ። ካካዎ ግን አለ።»

«ካካዎ ከገባ ቡናን ማን ከለከለው?»

«እሱን ሠሪዎቹን ይጠይቋቸው። እኔ አስገቢ ነኝ።»

«አይዞህ፣ ብቻህን አይደለህም። አገሩም አስገቢ ነው።»

የሚገርመው ደግሞ ሌላ ነው። ኮምፒውተር ላይ የሚጫወቱት እትም የተጻፈው እ.ኤ.አ. በ1995 በወጣው ጃቫ በተባለ ቋንቋ ነው። ቋንቋው ስሙን ያገኘው ከቡና፣ ዓርማውም እንፋሎት የሚተንበት ስኒ ነው።

«በሩ ላይ ስኒ ስሎ፣ ገብተው ሲጠይቁት ‹የለም› የሚል ካፌ በለኛ!»

«ለዚህ እኮ ነው ከውጭ የማመጣለት።»

«ኮምፒውተርህ ከማርጀቱ የተነሳ ሲነሳ ያቃስታል። ቡናውን የት ሊያደርሰው ነው?»

«የእርስዎ ቀልድ ደግሞ ከማርጀቱ የተነሳ ማይንክራፍት ውስጥ ቢገባ ተቆፍሮ ነው የሚወጣው።»

አንድ ለዜሮ። ወደ ቁም ነገሩ ገባሁ። «እስቲ አስረዳኝ፤ ቡናው ይቅርና የሰው ቤት ወደ አንተ ዓለም የሚገባው እንዴት ነው?»

«ሦስት ዓይነት ነው፣ ጋሼ። ሰውዬው ዓለሙን በሙሉ ከሰጠ ዚፑን ፈትቼ ዓለሞቼ ያሉበት ፎልደር ውስጥ እገለብጠዋለሁ። አንድ ሕንጻ ብቻ ከሆነ ስኬማቲክ የሚባል ፋይል አለ፤ ወርልድኤዲት የሚባል ሞድ፣ ማለትም ጨዋታው ላይ የሚጫን ጭማሪ፣ በአንድ ትእዛዝ ይለጥፈዋል። ላይትማቲካ የሚባለው ደግሞ የሕንጻውን ጥላ አየር ላይ ያሳየኛል፤ ብሎኩን አንድ በአንድ የምደረድረው ግን እኔ ነኝ።»

«የቱ ይሻላል?»

«የለጠፈ ቤት ያገኛል። የደረደረ ቤት መሥራት ይማራል።»

«ጨዋታው ራሱ የሚያስገባበት መንገድ የለውም?»

«ስትራክቸር ብሎክ አለው። በዚህ እትም በየጎኑ እስከ 48 ብሎክ ይወስዳል፤ አንዱ ብሎክ አንድ ሜትር ነው።»

«48 በ48 ሜትር? ሊዙ ስንት ነው?»

«በነጻ ነው።»

«እንግዲያው ደላላ አልደረሰበትም።»

ልጁ የለጠፈውን ቤት አሳየኝ። ከፍታውን ሳይለካ ስለለጠፈው ግማሹ ተቀብሯል፤ የጓሮው በር ገደል ላይ ይከፈታል።

«መሬቱን ሳያይ የሰው ፕላን የሚገለብጥ ሰው እኔም አውቃለሁ» አልኩት።

«ልዩነት አለን፣ ጋሼ። ወርልድኤዲት ‹መልስ› የሚል ትእዛዝ አለው፤ እንዳልነበር ያደርገዋል።»

«እኛ ዘንድ ያለው ‹ግምገማ› ነው። እሱ ምንም አይመልስም።»

ግድግዳው ላይ ወይን ጠጅና ጥቁር ዳማ ተስሏል። የማን ጌጥ ነው ብል ጌጥ አይደለም፤ ጨዋታው ሥዕሉን ፈልጎ ሲያጣ የሚለጥፈው ምልክት ነው። ቤቱን ያወረደው ሰው ቤቱ የሚፈልገውን የሥዕል ፋይል አብሮ ካላወረደ እንዲህ ይሆናል። ማሽኑን አስገብቶ መለዋወጫውን የረሳ ነጋዴ በዚህ ቢሰለፍ ሰልፉ ጅማ ይደርሳል።

በዚህ መሃል ደጅ ላይ ጀበና የጣደችው ሴትዮ ስኒ ይዛ ገባች። ማያ ገጹ ላይ ዛፍ አየች።

«ጫካው ከኋላህ ቆሞ ጫካ ታወርዳለህ?»

«እትዬ፣ የኋላው ጫካ እ.ኤ.አ. በ2010 ዩኔስኮ የመዘገበው ነው። ይኼኛውን ብቆርጠው ማንም አይጠይቀኝም።» ብሎ ግንዱን ከሥሩ መታው። የታችኛው ብሎክ ጠፋ፤ የቀረው ግንድ ከነቅጠሉ አየር ላይ ቀረ።

«ሥሩ ተቆርጦ ላዩ የሚቆም?» አለች። «እሱማ መሥሪያ ቤት ነው እንጂ ዛፍ አይደለም።»

ሁለታችንም ስኒያችንን አስቀመጥን፤ ከዚህች ሴት ጋር በሙሉ ልብ እንጂ በግማሽ ልብ አይጫወቱም።

«ንብም አለው፣ እትዬ» አለ ልጁ ሊያባብላት። «እ.ኤ.አ. በ2019 መጨረሻ ነው የገባችው። ከቀፎዋ ሥር እሳት ካጨሱላት አትቆጣም።»

«የካፋ ሰው ቀፎውን ዛፍ ላይ ሰቅሎ በጭስ ሲቆርጥ ስንት ዘመኑ! ማሩስ ምን ይሆናል?»

«በጠርሙስ ይቀዳል።»

«ጠጅስ?»

«ጠጅ የለውም።»

«ስኒ ኖሮት ቡና የሌለው፣ ማር ኖሮት ጠጅ የሌለው! ጨዋታው ንስሐ ላይ ነው እንዴ?»

ልጁ ተስፋ ሳይቆርጥ ከቀርከሃ የሠራትን ጎጆ አሳያት። ቀርከሃ እንደ ሳንቃ ለግንባታ መዋል የጀመረው እ.ኤ.አ. በ2023 ነው አላት። ቀርባ አየችው።

«ጎጆ ክብ ነው። ይኼ ማዕዘኑ አያልቅም።»

«በካሬ ብሎክ ክብ የሚሠራው በመሸራረፍ ነው፣ እትዬ። ራቅ ብለው ይዩት።»

ራቅ ብላ አየችው። «አዎ፣ እንደ ዘመድ ነው። ከሩቅ ክብ፣ ሲቀርቡት ማዕዘን።»

እሷ ወደ ጀበናዋ ስትመለስ እኔ ወደ ፍተሻው ገባሁ። «ከየትም የምታወርደውን ፋይል ማን ይፈትሽልሃል? በጁን 2023 ፍራክቸራይዘር የተባለ ቫይረስ እኮ በታወቁት የሞድ ማከፋፈያዎች በኩል ገብቶ የተጫዋቾችን የይለፍ ቃል ሲዘርፍ ነበር። የድሮ ካፋ ዙሪያውን ሂሪዮ የሚባል ጥልቅ ቦይ ቆፍሮ፣ ሰውንም ሸቀጥንም በኬላ ነበር የሚያስገባው። አንተ ግን አጥር የለህ፣ ኬላ የለህ!»

«ሂሪዮውንም የዘመቱበት ወታደሮች እ.ኤ.አ. በ1897 ተሻግረውታል፣ ጋሼ።»

«ተሻገሩት። ግን ንጉሡን ጋኪ ሸሮቾን ለመያዝ ወራት ፈጀባቸው። አንተን ለመያዝ አንድ ክሊክ ይበቃል።»

ይኼኛው ገባው መሰለኝ፤ ቢያንስ ከማስገባቱ በፊት ዓለሙን ሌላ ፍላሽ ላይ እንደሚገለብጥ ነገረኝ። ነጥቤን መዘገብኩ።

«ቡናውን የሠራው ማነው?» አልኩት።

«አይታወቅም። አንዱ ከሌላው ፎርዋርድ ሲያደርግ ስሙ መንገድ ላይ ወደቀ።»

እዚህ ላይ ተረቤን ትንሽ አቆምኩ፤ ስም መንገድ ላይ ሲወድቅ ካፋ የመጀመሪያዋ አይደለችምና። ቡና ከእኛ ጫካ ወጥቶ የመን ደረሰ። ሆላንዶች ወስደው ጃቫ ደሴት ላይ ተከሉት። ደሴቱ ስሙን ለቡናው ሰጠ፤ ቡናው ለኮምፒውተር ቋንቋ ሰጠ፤ በቋንቋው ጨዋታ ተጻፈበት፤ ጨዋታው ዞሮ ዞሮ ቦንጋ ገባ፣ ያለ ቡና። በመሃሉ፣ እ.ኤ.አ. በ1753፣ ካርል ሊኒየስ ተክሉን «አራቢካ» ብሎ መዘገበው። ሊኒየስም ስዊድናዊ ነበር። አንዱ ስዊድናዊ ቡናችንን በዓረብ ስም መዘገበው፤ ሌላው ስዊድናዊ ከነጭራሹ ረሳው።

«ታዲያ እኔ ምን ላድርግ?»

«የሰው ሥራ መውሰድ ነውር የለውም። ቡና ሲጠሩህ ትሄዳለህ፤ የጠራህን ሰው ስም ግን ታውቃለህ፤ በተራህም ታፈላለህ። አንተ ስሙንም አታውቅ፣ አፍልተህም አታውቅ።»

«በአገራችን ሠሪው ስሙ ሳይፋቅ የቆየለት የትኛው ነው?» አለኝ።

«እዚሁ ቦንጋ አጠገብ አለልህ! የእግዚአብሔር ድልድይ። ዐለቱ ራሱ ወንዙን ተሻግሮ የቆመ፣ ሲሚንቶ ያልነካው። ከዚያ በኋላ የተሠሩት ሁሉ ሠሪያቸው ተረስቶ መራቂያቸው ተጽፏል።»

ሳቀና አንድ ፎልደር ከፈተ። የካፋውን የባርታ ፏፏቴ በብሎክ መሥራት ጀምሯል።

«ውኃው ይወርዳል?»

«ይወርዳል። መብራት ካልጠፋ።»

«ለምን አልለጠፍከውም ታዲያ? የውጭ ልጅ ባርታን ያውርድ እንጂ!»

«ቤት ውስጥ ‹ጨዋታ ነው› ይሉኛላ።»

«እንዲህ በላቸው፦ የተባበሩት መንግሥታቱ ዩኤን-ሃቢታት እ.ኤ.አ. ከ2012 ጀምሮ ከጨዋታው ሠሪዎች ጋር ሆኖ ሰውን የራሱን ሰፈር በማይንክራፍት ያስነድፋል። ናይሮቢ ላይ የኪቤራ ነዋሪዎች የሰፈራቸውን ሜዳ ነድፈውበታል።»

«እኛ ጋስ?»

«እኛ ጋ ነዋሪው ንድፉን የሚያየው ሪባን ሲቆረጥ ነው።»

ስልኩን አነሳ። የባርታን ፋይል ሊለጥፍ ነው ብዬ ደስ አለኝ። እሱ ግን የተናገርኩትን እየጻፈ ኖሯል።

«ምን ታደርጋለህ?»

«ተረቦችዎን ቻናሌ ላይ ልለጥፋቸው ነው።»

«ስሜን ጻፍበት እንጂ!»

«እርስዎስ ከማን ሰሟቸው?»

«ምን ነካህ! ተረብ የሕዝብ ነው፤ ባለቤት የለውም።»

«ቡናም እኮ እንደዚያ እየተባለ ነው የሄደው፣ ጋሼ።»