የእማማ ቲቪ

ቡናው እስኪፈላ ይህችን ላጫውታችሁ። አዲስ አበባ ውስጥ ፍራሽ ተሸክሞ ለሚሄድ ሰው የሚቀርብለት ጥያቄ "ቤት ቀየርክ እንዴ?" ነው። በግ የሚጎትት ደግሞ ዋጋውን ይጠየቃል። በጋቢ የተጠቀለለ ቲቪ ይዞ በጠዋት የወጣ ሰው ግን የሚጠየቀው ሌላ ነው።

ቲቪው የእማማ ነው። እማማ ከእኛ በታች ያለው ፎቅ ላይ ብቻቸውን የሚኖሩ ጎረቤታችን ናቸው። ጉልበታቸው ደረጃ አላስወርድ ካላቸው ወዲህ ቅዳሴውንም ዜናውንም የሚከታተሉት ልጃቸው ከዱባይ ባመጣችላቸው 32 ኢንች ቲቪ ነው። በሕማማት ሳምንት አንድ ማታ "ልጄ፣ ድምፁ አለ፣ ሰዉ የለም!" ብለው ጠሩኝ። ወረድኩ። እውነትም ድምፁ ጥርት ብሎ ይሰማል፣ መስኮቱ ግን ድቅድቅ ያለ ጨለማ ነው።

ኮንዶሚኒየም ውስጥ የአንድ ሰው ቲቪ ሲበላሽ ፎቁ ሁሉ ነው የሚሰበሰበው። አንዱ "ዲሹ ዞሮ ነው" አለ። የሀገር ቤት ጣቢያዎች ከናይልሳት ወደ ኢትዮሳት ሲዛወሩ ሁላችንም ጣሪያ ላይ ወጥተን ሰሃኑን ከምዕራብ ወደ ምሥራቅ ስላዞርን፣ ከዚያ ወዲህ በሰፈራችን የማይመለከተውም ሁሉ በዲሹ ይላከካል። ዲሽ ሲዞር ግን ምስሉ በካሬ በካሬ ይቆራረጣል፣ ወይም "ሲግናል የለም" የሚል ጽሑፍ ይመጣል፤ ድምፁ ተለይቶ ደህና ሆኖ አይቀርም። ሌላው ጎኑን በመዳፉ መታ መታ አደረገው። ይህ ከአባቶቻችን የወረስነው ሕክምና ነው። ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. ሀገራችን ገብቶ በጥቁርና ነጭ ሲያሳይ፣ ከ20 ዓመት ገደማ በኋላም ቀለም ሲጨምር፣ ያ ባለ ትልቅ ጀርባ ሣጥን ውስጡ የተሰነጠቀ ብየዳ ካለ በጥፊ ይነቃ ነበር። ፍላት ስክሪን ግን እያንዳንዳቸው 1 ሚሊ ሜትር የማይሞሉ ሁለት መስታወቶች ናቸው ፊቱ ላይ ያሉት። በእግዚአብሔር፣ አትምቱት።

በማግስቱ ቲቪውን በእማማ ጋቢ ጠቅልዬ፣ በላስቲክ የተሸፈነውን ሪሞት ኪሴ ከትቼ ባጃጅ ያዝኩ። ቲቪ አስተኝተው አይጭኑትምና ጉልበቴ መሃል አቁሜ አቀፍኩት። ብዙም ሳንርቅ ፖሊስ አስቆመን።

"ጋሼ፣ ምንድን ነው የያዙት?"

"ቲቪ።"

"የማን ነው?"

"የጎረቤቴ።"

እንዲህ ያለ መልስ መንገድ ላይ ሲሰማ ሰው ከየት እንደሚመጣ አይታወቅም። ደረሰኝ ተጠየቅኩ፤ ከሻንጣ ጋር ከዱባይ የመጣ ዕቃ ምን ደረሰኝ አለው? "ለባለንብረቷ ልደውልላችሁ" አልኩና ስልኩን ሁሉም እንዲሰማ ስፒከር ላይ አደረግኩት። እማማ ጆሯቸው ደከም ብሏል።

"እማማ፣ ፖሊስ ስለ ቲቪው እየጠየቀኝ ነው!"

"ምን? ፖሊስ? ቲቪዬን ሌባ ወሰደው?"

"ኧረ እኔ ነኝ!"

"ተያዘ? እሰይ! እግዜር ይስጥልኝ፣ እንዳትለቁት!"

ባለ ባጃጁ አንገቱን ደፋ። አንዲት ቲማቲም የሚሸጡ ሴት "ሽበቱን እንኳ አያፍርም" ሲሉ ሰማሁ። ፖሊሱ ጨዋ ልጅ ነው፣ እጁን አላነሳብኝም፤ ክንዴን ግን ያዝ አድርጓል።

ያዳነኝ ከመንገዱ ዳር ያለ ፀጉር አስተካካይ ነው። "ተበላሽቶ ነው ካሉ ይታያላ" ብሎ ቲቪውን ቤቱ አስገብቶ ሰካው። ድምፁ መጣ፣ ምስሉ የለም። አስተካካዩ መጋረጃውን ዘጋ፣ መብራቱን አጠፋ፣ የስልኩን ባትሪ አብርቶ መስታወቱ ላይ አስጠግቶ በሰያፍ ያዘው። ወዳጆቼ፣ ምስሉ አለ! ደብዝዞ፣ ባትሪው ባረፈባት ትንሽ ክብ ውስጥ ብቻ፣ ግን አለ። የኤልሲዲ መስታወት በራሱ አይበራም፤ ሥዕሉን ይሠራል እንጂ ብርሃኑ የሚመጣው ከጀርባው ከተደረደሩት ትንንሽ የኤልኢዲ አምፖሎች ነው። ባክላይት ይሉታል። እሱ ሲሞት መስታወቱ ሥዕሉን በጨለማ እየሣለ ይቀራል። ጉድና ጅራት ከወደ ኋላ ነው።

አስተካካዩ በባትሪው ሜኑውን እየፈለገ ሳለ ከጀርባው የተሰካ ፍላሽ አገኘ። የእማማ ልጅ ሠርግ ነበር፤ እማማ እሱን ሳያዩ አያድሩም። "እኔ እዚያ ውስጥ አለሁ!" አልኩ። ከዚያ በኋላ የሆነውን ሳስታውስ እስካሁን ጆሮዬ ይግላል። ፀጉሩ ግማሽ የተቆረጠ ደንበኛ፣ ፖሊሱ፣ ባለ ባጃጁ፣ ባለ ቲማቲሟ ሴትዮ ሳይቀሩ በዚያች ክብ ብርሃን ፊቴን ፍለጋ ጀመሩ። "ወደ ግራ!" "ኧረ ኬኩ ነው!" "ይሄ የሙሽራው ጫማ ነው!" በመጨረሻ ኮቴን አውልቄ፣ ነጠላ ወገቤ ላይ አስሬ፣ እስክስታ ስወርድ ተገኘሁ። ፖሊሱ መስታወቱን አየ፣ እኔን አየ። ከኋላ አንዱ "ትከሻው ይታይ!" አለ። ጨለማ ውስጥ፣ በስልክ ባትሪ እየበራብኝ፣ ትከሻዬን ነቀነቅኩ።

"እሳቸው ናቸው" አሉ ባለ ቲማቲሟ።

ፖሊሱ ይቅርታ ጠይቆ ቲቪውን ራሱ ባጃጁ ላይ ጫነልኝ። አልተቀየምኩትም፤ የእማማን ንብረት ነው የጠበቀው።

የመጀመሪያው ጥገና ቤት ሳይከፍተው "ፓነሉ ሞቷል፤ ከፈለጉ ለዕቃ ልግዛዎት" አለኝ። እዚህ ላይ ነው የባትሪው ነገር ዋጋው የታየኝ። ስንት እናት እንዲህ ተብላ ደህና ቲቪ በርካሽ ሰጥታ ወጥታለች! ሠርጉን አይቼ ስለመጣሁ አልሰጥም ብዬ ወጣሁ። ሁለተኛው ባለሙያ ነገርን ከሥሩ የሚል ሰው ነበር። መስታወቱን ከረዳቱ ጋር በአራት እጅ እኩል አንስቶ፣ ነጭ ሽፋኖቹን በተራ ደርድሮ፣ አምፖሎቹን አንድ በአንድ ለካ። የተቃጠለችው አንዲት ነበረች። "ተከታትለው ነው የተያያዙት" አለኝ፤ "እንደ እቁብ ነው፣ አንዱ ካልጣለ ለባለ ዕጣው አይደርስም።" ያችን ብቻ ቀይርልኝ ብለው አብረዋት ያረጁት በቅርቡ እንደሚከተሏት ነግሮኝ ረድፉን በሙሉ ቀየረው። ሲጨርስ ሜኑው ውስጥ ገብቶ የባክላይቱን ድምቀት ዝቅ አደረገ፤ እስከ ጫፍ ተለቅቆ ሲበራ ነው አምፖሉ በሙቀት የሚያልቀው። እቤታችሁ ያለውንም ዛሬውኑ ዝቅ አድርጉት።

እማማ የስቅለትን ሥርዓት በምስል ተከታተሉ። ወሬው ግን ከእኔ ቀድሞ ሰፈር ገብቶ ኖሮ፣ ከላይኛው ፎቅ ያለው ጎረቤቴ "የእኔም ቁም መስመር እያሳየ ነው፣ ውሰድልኝ" ብሎ መጣ። መጀመሪያ ሜኑውን ክፈት አልኩት። መስመሩ ሜኑው ላይም ካለ ከዲሹም ከሪሲቨሩም አይደለም፣ ከራሱ ከቲቪው ነው። ነበረ። ቪዲዮ ቀርጬ ለባለሙያው ላክሁለት፤ ከመስታወቱ ጠርዝ ጋር የተጣበቁት ቀጫጭን ሪባኖች ሳይለቁ አይቀሩም፣ ፓነል መቀየሩ ደግሞ አዲስ ከመግዛት ብዙም አይለይም ብሎ በግልጽ ነገረው። ጎረቤቴ መስመሩን ታግሦ እያየበት ነው።